ዋሪስ ሁሴንን ማን ያውቀዋል? የአንድ ጥያቄና የ31 መልሶች ክር

ቅዳሜ ማታ የከፈትኩት ክር ረቡዕ ሲነጋ 31 መልስ ደርሶ ነበር። ስከፍተው አምስት ስድስት ሰው ይመልስልኛል ብዬ ነው። መሀል ላይ ጭቅጭቅ ተነስቷል፤ ከጭቅጭቁ መሀል ደግሞ ብዙ ቁም ነገር ወጥቷል። ላላነበባችሁት ከላይ እስከ ታች በራሴ ቃል ልንገራችሁ። ዓመቶቹና ቀኖቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።

መነሻዬ እንዲህ ነበር። ዶክተር ሁ የሚባለውን፣ የስልክ ሳጥን በሚመስል መንኮራኩር በጊዜና በጠፈር ስለሚጓዝ ዶክተር የሚተርከውን የእንግሊዝ ተከታታይ ድራማ ብዙዎቻችን እናውቀዋለን። ቢቢሲ ላይ የጀመረው በ1963 ነው። መሀል ላይ ለዓመታት ቢቋረጥም ተመልሶ መጥቷል። ዶክተሩን የተጫወቱትን ተዋንያን በተራ የሚቆጥር ሰው አይጠፋም። የመጀመሪያውን ክፍል ያዘጋጀው ዳይሬክተር ማን ነው ሲባል ግን ጸጥ ነው።

ስሙ ዋሪስ ሁሴን ነው። በ1938 ሕንድ ውስጥ ላክናው ከተማ ተወለደ። በልጅነቱ ከቤተሰቡ ጋር እንግሊዝ ገባ። ኬምብሪጅ የእንግሊዝኛ ሥነ ጽሑፍ ተማረ፤ እዚያው ተማሪ ሳለ ቴአትር ያዘጋጅ ነበር። ከዚያ ቢቢሲ በሠልጣኝ ዳይሬክተርነት ቀጠረው። ያንን የመጀመሪያ ክፍል ሲቀርጽ ገና 24 ዓመቱ ነበር።

ክሩ ላይ ሁለት ነገር ጻፍኩ። አንደኛው ጥያቄ ነው፤ የቴሌቪዥን ዳይሬክተር እጁ ሥራው ላይ የቱ ጋ ይታያል? ሁለተኛው አቋሜ ነው። ይህ ሰው ከዚያ ከአንድ ክፍል በላይ ነው። ሕይወቱ በሙሉ ሊነገር ይገባዋል። ከሥራው ከፊሉን የገዛ መሥሪያ ቤቱ ማጥፋቱ ደግሞ እስከ ዛሬ ያንገበግበኛል።

1ኛው መልስ የትሕትና ነበር። ጸሐፊዋ ርዕሱን ስላነሳሁት አመስግናኝ እናቱን አስታወሰችኝ። እናቱ አቲያ ሆሴን ደራሲ ነበሩ። ቢቢሲ ውስጥ በምሥራቁ ክፍለ ዓለም የሬዲዮ አገልግሎት ይሠሩ ነበር። ልጁ ማይክሮፎንና ስቱዲዮ ባለበት ቤት ነው ያደገው ለማለት ነው። 2ኛው መልስ በዚህ ተስማምቶ አለፈ።

3ኛው መልስ አረመኝ። እኔ የመጀመሪያው ክፍል ኬኔዲ በተገደሉበት ዕለት ታየ ብዬ ጽፌ ነበር። ኬኔዲ የተገደሉት ዓርብ ኅዳር 22 ቀን ነው። ድራማው የታየው በማግስቱ፣ ቅዳሜ 23 ነው። ሰውየው እንዲያውም ጨምሮ፣ ሕዝቡ ልቡ ሌላ ቦታ ስለነበር በሳምንቱ 2ኛው ክፍል ከመታየቱ በፊት 1ኛው እንደገና መሰራጨቱን ጻፈ። አመስግኜ ጽሑፌን አስተካከልኩ።

4ኛው መልስ ተቆጣኝ። እንዴት ዕድሜያቸው የገፋ ሰው አንተ ይባላል፣ አንቱ በል ነው ነገሩ። 5ኛው መልስ የእኔ ነው። እኔ የምተርከው የ24 ዓመቱን ልጅ ነው፣ ፊት ለፊት ባገኛቸው ግን ከመቀመጫዬ ተነስቼ አንቱ እላቸዋለሁ አልኩ። እውነቴን ነው። በዚህ ላይ ሦስት አራት ሰው ላይክ አድርጎ ነገሩ በረደ።

የክሩ እምብርት 6ኛው መልስ ነው። ጸሐፊው ስቱዲዮ ውስጥ ብዙ ዓመት የሠራ ሰው ነው። ኬብል በመጎተት ጀምሮ ካሜራማን ሆነ፣ በመጨረሻም ፍሎር ማናጀር። ጥያቄዬን በቁም ነገር ወስዶ ከሥሩ አስረዳኝ።

ፊልም ላይ ብዙ ጊዜ አንድ ካሜራ ነው ይላል። ትቀርጻለህ፣ ታቆማለህ፣ መብራቱን ታዞራለህ፣ እንደገና ትቀርጻለህ። የዚያ ዘመን የቴሌቪዥን ድራማ እንደዚያ አይደለም። ዳይሬክተሩ ከተዋንያኑ ጋር ወለሉ ላይ የለም። ኮንትሮል ሩም ውስጥ፣ ጨለማ ውስጥ፣ ከተደረደሩ ስክሪኖች ፊት ተቀምጧል። እያንዳንዱ ካሜራ የራሱ ስክሪን አለው። አጠገቡ ሥዕሉን ከካሜራ ወደ ካሜራ የሚቀይረውን ስዊቸር የሚጫን ባለሙያ አለ። በሌላው ጎኑ ሾቶቹን በቁጥር እየጠራች ሰዓት የምትይዝ ረዳት አለች። ካሜራማኖቹ ትእዛዙን በሄድሴት ይሰማሉ። የትኛው ቃል ላይ የትኛው ካሜራ እንደሚገባ ዳይሬክተሩ አስቀድሞ ስክሪፕቱ ኅዳግ ላይ ጽፎታል።

ልምምዱ ሳምንቱን ሙሉ ባዶ አዳራሽ ውስጥ ነው። ግድግዳና በር የለም፤ ወለሉ ላይ በፕላስተር የተሰመረ መስመር ነው ያለው። ተዋናዩ መስመሩን እንደ በር አልፎ ይገባል። ስቱዲዮ የሚገቡት በመጨረሻው ቀን ነው። ቀን ላይ ከካሜራ ጋር ይለማመዳሉ፣ ማታ ይቀረጻል። በዚያን ጊዜ የቪዲዮ ቴፕ ኤዲት ማድረግ ማለት ቴፑን ራሱን በምላጭ መቁረጥ ነበር። ስለዚህ በተቻለ መጠን አይቆረጥም። 25 ደቂቃው እንደ መድረክ ቴአትር ሳይቆም ይፈስሳል። ተዋናይ ቃል ቢስት ይቀጥላል። በር አልዘጋ ቢል ይቀጥላል።

ከዚያ የራሱን ጨመረ። ወጣት እያለ ኬብል ጎታች ሆኖ በሚሠራበት ስቱዲዮ አንድ ማታ ኬብሉን ሰብስቦ ሳይጨርስ ካሜራው ወደ ኋላ መጣ። ጎማው ኬብሉ ላይ ወጣ። ሥዕሉ ሊዘል ነው። ዳይሬክተሩ ያንን ከላይ በስክሪኑ አይቶ፣ ጎማው ኬብሉን ከመንካቱ በፊት ወደ ሌላ ካሜራ ቆርጦ ነበር። ተመልካቹ ምንም አላየም። ሰውየው የሚያስታውሰው ግን ከዚያ በኋላ የሆነውን ነው። በሄድሴቱ የሚመጣበትን ጩኸት እየጠበቀ ቆመ። የሰማው አንድ ረጅም ትንፋሽ ብቻ ነው፤ ወዲያው የሚቀጥለው ሾት ቁጥር ተጠራ። የዳይሬክተር እጅ የቱ ጋ ነው ላልከው እዚያ ግማሽ ሴኮንድ ውስጥ ነው አለኝ።

ይህን መልስ ሁለት ጊዜ አነበብኩት። ለእኔ ከብዙ መጽሐፍ ይበልጣል።

7ኛው ስለ ስቱዲዮው ጠየቀ፣ 8ኛው መለሰለት። ቦታው ለንደን ውስጥ ላይም ግሮቭ ይባላል። ድሮ የፊልም ስቱዲዮ ነበር፤ ቢቢሲ በ1949 ገዛው። ዶክተር ሁ የተሰጠው ስቱዲዮ ዲ ነው። ጠባብ ነው። የመብራቱ ሙቀት አያስቀምጥም። ካሜራዎቹ ያረጁና ከባድ ናቸው። ጊዜን፣ ጠፈርንና የድንጋይ ዘመንን እዚያ ክፍል ውስጥ ፍጠር ተባለ ልጁ። ዋሪስ ራሱ በኋላ በቃለ መጠይቅ እንደተናገረው መጀመሪያ ሲሰጠው ደስ አላለውም። ኬምብሪጅ ተምሮ መጥቶ ቆዳ የለበሱ የዋሻ ሰዎችን ማዘጋጀት ምን ይባላል ብሎ ነበር። ግን ተቀበለ። ከተቀበለ በኋላ ደግሞ ቀልድ አላደረገውም።

9ኛው መልስ ያ የመጀመሪያ ክፍል ሁለት ጊዜ ተቀርጿል የሚባለው እውነት ነው ወይ ብሎ ጠየቀ። እውነት ነው። 10ኛውን መልስ እኔ ጻፍኩ፤ ረዘም አድርጌ ነው የጻፍኩት። ምክንያቱም ለጥያቄዬ ከዚህ የተሻለ ማስረጃ የለም።

የመጀመሪያው ቀረጻ ዓርብ መስከረም 27 ቀን 1963 ተካሄደ። የድራማ ክፍሉ ኃላፊ ሲድኒ ኒውማን የሚባል ካናዳዊ ነው። አየውና አልወደደውም። ዋሪስንና ፕሮዲዩሰሯን ቬሪቲ ላምበርትን ጠርቶ ስህተቱን ዘረዘረላቸው። ሊያባርራቸው ይችል ነበር። እንደገና ቅረጹት አላቸው። ዓርብ ጥቅምት 18 ቀን እንደገና ተቀረጸ። እኛ የምናውቀው ይህን ሁለተኛውን ነው። ደግነቱ ያልተሰራጨው የመጀመሪያው ቀረጻም አልጠፋም። ሁለቱንም ማየት ይቻላል።

እኔ አንድ እሁድ ከሰዓት ወረቀትና እስክሪብቶ ይዤ ሁለቱን ጎን ለጎን አየኋቸው። ዳይሬክተሩ ያው ነው። ተዋንያኑ ያው ናቸው። ታሪኩ ያው ነው። መሀላቸው ሦስት ሳምንት ብቻ ነው ያለው።

አጀማመራቸው ይመሳሰላል። ጭጋግ አለ። አንድ ፖሊስ በባትሪ እየቃኘ በአንድ የቁራሊዮ ግቢ በር ላይ ያልፋል። ፖሊሱ ይሄዳል፣ በሩ በራሱ ይከፈታል፣ ካሜራው ቀስ እያለ ይገባል። አሮጌ ዕቃ መሀል አንድ ሰማያዊ የፖሊስ የስልክ ሳጥን ቆሟል፤ ሥዕሉ ጥቁርና ነጭ ስለሆነ ሰማያዊነቱን ገምቱት። ሳጥኑ እንደ ሞተር ይነዝራል። ማንም አንድ ቃል አልተናገረም። ጥያቄው ግን ተመልካቹ ውስጥ ተተክሏል። ይህ የዳይሬክተር ሥራ ነው።

ልዩነቱ ከዚያ በኋላ ይመጣል። በመጀመሪያው ቀረጻ የሳጥኑ የውስጥ በር አልዘጋ ብሎ ሲንገጫገጭ ይሰማል። ዶክተሩን የሚጫወተው ዊሊያም ሃርትኔል ክፉ ሽማግሌ ነው፤ ስታዩት ትጠሉታላችሁ። በሁለተኛው ኮስታራነቱ አልቀረም፣ ግን ዓይኑ ውስጥ ተንኮል የሚመስል ጨዋታ ገብቷል። ልብሱም ተለውጧል። በመጀመሪያው ዘመናዊ ሱፍ ነበር፤ በሁለተኛው የድሮ ዘመን ሽማግሌ አስመስለው አለበሱት።

የገረመኝ ግን አንዲት ትንሽ ትዕይንት ናት። የዶክተሩ የልጅ ልጅ ሱዛን ክፍል ውስጥ ብቻዋን ቀርታለች። በመጀመሪያው ቀረጻ ቀለም ወረቀት ላይ ታንጠባጥባለች፣ ወረቀቱን ታጥፋለች፣ የወጣውን ቅርጽ ታያለች። እንግዳ ነገር ነው፣ ግን ምን እንደሆነ አይገባም። በሁለተኛው ቀረጻ ስለ ፈረንሳይ አብዮት የሚያወራ መጽሐፍ ትገልጣለች። እያነበበች ትቆማለች። ይህ እኮ እንዲህ አልነበረም ትላለች። ልጅቷ እዚያ ነበረች ማለት ነው! በአንድ ዓረፍተ ነገር የድራማው ሐሳብ በሙሉ ተነገረ። ለውጡን ማን እንዳመጣው እዚህ አልከራከርም፤ ስክሪፕቱ ላይ የብዙ ሰው እጅ አለ። ግን ካሜራው ፊቷ ላይ ስንት ጊዜ እንደሚቆይ የወሰነው አንድ ሰው ነው።

11ኛው መልስ ላይ ነገሩ ከረረ። ጸሐፊው የቴሌቪዥን ዳይሬክተር የትራፊክ ፖሊስ ነው ባይ ነው። መኪናውን አልሠራውም፣ መንገዱን አልቀየሰውም፣ እጁን ያወዛውዛል። ቴሌቪዥን የደራሲና የፕሮዲዩሰር ነው አለ። ዶክተር ሁን ያዳኑት በሁለተኛው ታሪክ የመጡት ዳሌኮች የሚባሉት ብረት ለበስ ጭራቆች ናቸው፤ እነሱን የጻፋቸው ቴሪ ኔሽን፣ ዲዛይን ያደረጋቸው ሬይመንድ ኩሲክ ነው፤ ዋሪስ እዚያ ውስጥ የለበትም አለ። እስከዚህ ድረስ ጥሩ ክርክር ነው። እውነት አለበት። ዳሌኮቹን ያዘጋጁት ክሪስቶፈር ባሪና ሪቻርድ ማርቲን ናቸው። መጨረሻ ላይ ግን ይህ ሁሉ ጩኸት ሰውየው ሕንዳዊ፣ ፕሮዲዩሰሯ ሴት ስለሆኑ ነው ብሎ ደመደመ።

12ኛው መልስ በዚህ ተናዶ ተነሳ። 13ኛው ከዚያ ብሶ ስድብ ጨመረበት። 14ኛው የመድረኩ አወያይ ማስጠንቀቂያ ነው፤ 13ኛውን አጥፍቶታል። እኔም በዚያ ሰዓት ለመመለስ ጽፌ ጽፌ ሰረዝኩት።

ነገሩን ወደ መስመሩ የመለሰችው የ15ኛው መልስ ጸሐፊ ናት። ድምጿን ከፍ አላደረገችም። ዝም ብላ ሁኔታውን ዘረዘረች። ላምበርት በዚያን ጊዜ 27 ዓመቷ ነው። ዋሪስ 24። ያኔ ድራማ ክፍሉ ውስጥ ሴት ፕሮዲዩሰር የለም፣ የዋሪስ ዓይነት መልክ ያለው ዳይሬክተር የለም። ሃርትኔል 55 ዓመቱ ነው፤ በፊልም የኮስታራ ወታደር አለቃ በመጫወት የሚታወቅ ሰው። የልጆች ቴሌቪዥን ለሚመስል ነገር ራሱን እንዳይሰጥ ሰግቷል። ሁለቱ ወጣቶች ምሳ ጋብዘው አግባቡት። የትራፊክ ፖሊስ ይህን አያደርግም አለች። የሰው ልብ ማግኘት የዳይሬክተር ግማሽ ሥራው ነው፤ ካሜራው ከዚያ በኋላ ይመጣል። ሁለቱ ቀለማቸውና ፆታቸው አስመረጣቸው ሳይሆን፣ በዚያ ምክንያት ማንም ስህተታቸውን እንደማያልፍላቸው እያወቁ ሠሩ ነው ነገሯ። ይህን መልስ እኔ ብጽፈው እወድ ነበር።

ከ16 እስከ 20 ያሉት ወደ ቀሪው ሥራው ወሰዱን። እዚህ ላይ ክሩ በጣም ደስ አለኝ፤ የፈለግኩት ይህን ነበርና።

16ኛው በ1965 ለቢቢሲ ስላዘጋጀው የትልቅ ልቦለድ ድራማ ነው፤ የኢ. ኤም. ፎርስተርን የሕንድ ታሪክ። ሕንድ ተወልዶ እንግሊዝ ያደገ ሰው በእንግሊዞችና በሕንዶች መሀል ያለውን መተላለፍ ሲያዘጋጅ ሌላ ሰው የማያየውን ያያል አለ ጸሐፊው። ደራሲው ያኔ በሕይወት ነበር።

17ኛው በ1973 ወደ ሠራው ባለ ሁለት ክፍል ድራማ ሄደ። ስለ ፍቺ ነው። አንዱ ክፍል በባል ዓይን፣ ሁለተኛው በሚስት ዓይን ይተረካል። ባልና ሚስቱን የሚጫወቱት ሪቻርድ በርተንና ኤልሳቤጥ ቴይለር ናቸው፤ ያኔ በእውነትም ባልና ሚስት ናቸው፤ የራሳቸው ትዳርም በቋፍ ላይ ነበር። በዓመቱ ተፋቱ። ቀረጻው መከራ እንደነበር፣ ሃያስያንም እንዳልወደዱት መልሱ አልሸሸገም። ሁለት ኮከቦች ቤታቸው ሲፈርስ መሀላቸው ቆሞ እንደገና አድርጉት የሚል ሰው አስቡት።

18ኛው ስለ ሜሎዲ ነው። በ1971 የወጣ የልጆች ፍቅር ፊልም ነው፤ ስክሪፕቱን የጻፈው በኋላ ትልቅ ዳይሬክተር የሆነው አላን ፓርከር ነው። እንግሊዝ ውስጥ ብዙም አልሄደም። ጃፓን ውስጥ ግን ከፍተኛ ተወዳጅነት አገኘ። ጸሐፊዋ ፊልሙን በልጅነቷ አይታ እንዳለቀሰች፣ ዳይሬክተሩ ማን እንደሆነ ያወቀችው ግን ይህን ክር ስታነብ እንደሆነ ጻፈች።

19ኛው ትልቁን አነሳ። በ1978 ቴምዝ ቴሌቪዥን ላይ በሰባት ክፍል የቀረበው ኤድዋርድና ሚስስ ሲምፕሰን ነው። ንጉሡ ለአንዲት የፈታች አሜሪካዊት ሲል ዙፋኑን የተወበት ታሪክ። ባፍታ የሚባለውን የእንግሊዝ የፊልምና የቴሌቪዥን ሽልማት ያገኘ ሥራ ነው። ሴትየዋ ያኔ ገና በሕይወት ነበሩ። ስለ ሕያው ሰው፣ ያውም ስለ ንጉሣውያን ጓዳ፣ ሰባት ክፍል ድራማ ሠርቶ ሐሜት እንዳይሆን ማድረግ ቀላል አይደለም። 20ኛው በ1987 ስለ ኤድስ ያዘጋጀውን ባለ አራት ክፍል ድራማ ጨመረ። ያኔ ስለ በሽታው በሹክሹክታ ነበር የሚወራው። አንድ የተመቸው ቤተሰብ ሳሎን ውስጥ አስገባው።

21ኛው ስህተት ይዞ መጣ፣ ግን የጠቀመ ስህተት ነው። በ1964 ለዶክተር ሁ የሠራውን የማርኮ ፖሎ ታሪክ አንስቶ ሰባቱንም ክፍል ያዘጋጀው እሱ ነው አለ። 22ኛው ወዲያው አረመው። ስድስቱን ዋሪስ፣ 4ኛውን ጆን ክሮኬት። ይህችን ቁጥር ያዙልኝ፣ መጨረሻ ላይ ትመለሳለች።

23ኛው ያንን ታሪክ የት ላየው ብሎ ጠየቀ። የትም። ሰባቱም ክፍሎች የሉም። 24ኛው እንዴት እንደጠፉ አስረዳ፤ እዚህ ላይ ስሜቴን መደበቅ አልቻልኩም። የቪዲዮ ቴፕ ያኔ ውድ ነበር። ድራማው ከታየ በኋላ ቴፑ ይጠፋና ሌላ ነገር ይቀረጽበታል። ከተዋንያን ማኅበር ጋር የነበረው ስምምነት ድጋሚ ማሳየትን ይገድባል፤ ስለዚህ ማስቀመጡ ለምን ተባለ። ለውጭ ጣቢያዎች የሚሸጥ በ16 ሚሊ ሜትር ፊልም የተገለበጠ ቅጂ ነበር። የሽያጩ ጊዜ ሲያልፍ እሱም ይወገዳል። ባለ ቀለም ሲመጣ ጥቁርና ነጩን የሚፈልገው ጠፋ። ይህ አሠራር እስከ 1978 ድረስ ቀጠለ። ከዶክተር ሁ ብቻ ከ90 በላይ ክፍሎች ጠፍተዋል። አስቡት፤ ዋሪስ ስለ ነገሥታቱ ትልቁን ሥራውን በሚሠራበት ጊዜ የወጣትነት ሥራው ገና እየተጠረገ ነበር።

25ኛው መልስ ክሩን ወደ እኛ ሰፈር አመጣው። በጥቅምት 2013 አንድ የእንግሊዝ የእሁድ ጋዜጣ ከ100 በላይ የጠፉ የዶክተር ሁ ክፍሎች ኢትዮጵያ ውስጥ ተገኙ ብሎ ጽፎ ነበር። ከዚህ በኋላ 26፣ 27 እና 28 አንድ ላይ መጡ። የት? የትኛው መጋዘን? ማን ጋ እንጠይቅ? አንዱ ነገ ጠዋት ሄጄ በር አንኳኳለሁ አለ። እኔም ወሬውን ያኔ ስሰማ ልቤ ዘሎ ነበር። እዚያው ሳምንት እውነቱ ወጣ። ፊልሞቹ የተገኙት ናይጄሪያ፣ ጆስ ከተማ፣ አንድ የቴሌቪዥን ጣቢያ የዕቃ ክፍል ውስጥ ነው። የጠፉት ክፍሎች ዘጠኝ ነበሩ እንጂ መቶ አይደሉም። ሁሉም ከዋሪስ በኋላ የተሠሩ ናቸው። ማርኮ ፖሎ አልነበረበትም። ይህን ስጽፍላቸው ሦስቱም ዝም አሉ።

29ኛው መልስ አጭር ናት። ጸሐፊዋ በአንድ ጣቢያ ትሠራ እንደነበረ፣ የጓደኞቿን የዓመታት ልፋት የያዙ ካሴቶች ላይ የዕለት ዝግጅት ሲቀረጽባቸው በዓይኗ እንዳየች ጻፈች። የካሴቱ ጀርባ ላይ የድሮው ርዕስ በእስክሪብቶ ተሰርዞ አዲሱ ከበላዩ ይጻፋል። አንዳንዱ ካሴት ላይ ሦስት አራት ስርዝ ይደራረባል። እሷ የምታነበው የተሰረዙትን ነበር።

30ኛው 11ኛውን የጻፈው ሰውዬ ነው፤ ተመልሶ መጣ። ስለ ሕንዳዊነቱና ስለ ሴቷ የተናገረውን አነሳ። ያንን መጻፍ አልነበረብኝም አለ። በዳይሬክተር ጉዳይ ግን አቋሙን አልለወጠም። ሥራው ከሌለ የዳይሬክተሩን እጅ በምን እናውቃለን ብሎ ጠየቀ። የማርኮ ፖሎ ድምፁ አለ፤ ያኔ ተመልካቾች ቤታቸው ሆነው በቴፕ ቀድተውታል። ድምፅ ግን የጸሐፊና የተዋናይ ነው፤ ሥዕሉ ነው የዳይሬክተሩ አለ። ለመመለስ የከበደኝ ጥያቄ ይህ ነበር።

የመለሰው 31ኛው ነው። በዚያ ዘመን ለንደን ውስጥ ጆን ኩራ የሚባል ፎቶግራፍ አንሺ ነበር። ቤቱ ቁጭ ብሎ የቴሌቪዥኑን ስክሪን ፎቶ ያነሳል። ከአንድ ክፍል በደርዘን የሚቆጠሩ ትንንሽ ፎቶዎች ያነሳና ለተዋንያንና ለዳይሬክተሮች ይሸጣል። ቤት ውስጥ መቅጃ ባልነበረበት ጊዜ የሥራህ ማስታወሻ ያ ብቻ ነው። ቴሌስናፕ ይባላል። የማርኮ ፖሎ ቴሌስናፕ እንደሌለ ለብዙ ዓመት ይታመን ነበር። በኋላ ተገኘ። የተገኘው ዋሪስ ሁሴን ራሱ ጋ ነው። ገዝቶ፣ አርባ ዓመት ያህል አስቀምጦት ነበር። ያዘጋጃቸው ስድስቱ ክፍሎች አሉ። 4ኛው የለም። እሱ የእሱ ሥራ አልነበረም።

ትናንት ማታ ድምፁን ከፍቼ ፎቶዎቹን በተራ እያየሁ አብሬ ሄድኩ። የፓሚር ተራራ በረዶ፣ መንገደኞቹ፣ የሞንጎሎቹ ፊት፣ የድንኳኑ መብራት። የት እንደቆሙ፣ ማን ከፊት ማን ከኋላ እንደሆነ፣ ካሜራው ማንን እንደመረጠ ይታያል። 4ኛው ክፍል ላይ ስደርስ ፎቶ የለም። 25 ደቂቃ ያህል ባዶ ስክሪን እያየሁ ድምፁን ብቻ ሰማሁ። 5ኛው ሲጀምር ፊቶቹ ተመለሱ።